ወፎቹ ያልተነሱበት ጠዋት

ልደታ፣ ነሐሴ 4 ቀን 1929 ዓ.ም.

ወንድሜ ገብረጊዮርጊስ ከታሰረ ስድስት ወር ሞላው።

ለተከበሩ የአክስቴ ልጅ ለእታለም ወለተሰንበት። ክረምቱን እንዴት ይዘውታል? ጎጆው አያፍስስብዎ፣ ከብቱ አይጉደልብዎ። እኔ አለሁ፤ ባለቤቴ ወይንሀረግም እግርዎን ትስማለች።

ይህን የሚያደርስልዎ የከብት ነጋዴው አብዱልወሃብ ነው። በየሦስት ሳምንቱ ሰንጋ ተራ ይመጣል። ወረቀቱን በኮርቻው ስፌት ውስጥ ስለሚይዘው ኬላ ላይ አያገኙትም። መልስዎን ለእርሱ ይስጡት።

ወንድሜን በየካቲት፣ ከቦምቡ በኋላ በነበሩት ሦስት ቀኖች ከቤቱ እንደወሰዱት ሰምተዋል። ጥፋቱ ፊደል መቁጠሩ ነው። ስንቅ አይቀበሉም፤ ለማንም አያሳዩትም። እኔ ግን ሥራ አግኝቻለሁ። ከልደታ ቤተ ክርስቲያን በታች ባለቤቱ ጥሎት የሸሸ ትልቅ ግቢ አለ፤ አንድ ካፒታኖ፣ የጣልያን ሻምበል፣ ሰፍሮበታል። የእርሱ አስተርጓሚና የዕቃ ቤት ጠባቂ ነኝ። ፈረንሳይኛ ስለማውቅ ቋንቋቸው አላስቸገረኝም። ሰው ምን እንደሚለኝ አውቃለሁ። ይበል።

ካፒታኖው አዳኝ ነው። ቆቅና ጅግራ ሰልችቶታል። በታኅሣሥ፣ በእነርሱ ገና፣ አርባ መኮንኖች ይጋብዛል፤ ገበታው ላይ ዳክዬ ካልቀረበ በዓል አይደለም ይላል። ትናንት እንዲህ አለኝ፦ «አንተ ዳክዬ አግኝልኝ፤ እኔ ወንድምህን አገኝልሃለሁ።»

የእርስዎ ሐሮ ትዝ አለኝ። በክረምት ሐይቅ፣ በበጋ የሽምብራ ማሳ የሚሆን ሜዳ አለ ብዬ ነገርኩት። ካርታው ላይ ፈልጎ አጣው። ወፎቹ መቼ እንደሚገቡ፣ ምን ያህል እንደሆኑ፣ ፈረስ የሚቆምበት ደረቅ ዳር በየት በኩል እንዳለ ይጻፉልኝ። እኛ የማንበላውን ነገር ቢበሉት ማንም አይጎዳም።

ወልደአማኑኤል ተሰማ


ከሐሮ ዳር፣ ነሐሴ 27 ቀን 1929 ዓ.ም.

ለወንድሜ ለወልደአማኑኤል። ማርያም ከክፉ ቀን ትሰውርህ። ወይንሀረግን ሳምልኝ።

ወረቀትህ ደረሰኝ። አባቴ ዳዊት ያስደገመኝ ለዚህ ሆነ። መንደሩ ወረቀት እጄ ላይ ስላየ ጣልያን ሄደ ወይ እያለ ይጠይቀኛል።

እኛ ደህና ነን። የባሌ ወንድም ፉፋ ደህና ነው፤ ከብቶቹን ይጠብቃል። ላሚቱ ወልዳለች። ጎረቤቴ ቦጂያ ታማ ነበር፤ ተሽሏታል።

ዝናቡ ዘንድሮ ዘገየ። ሐሮው ገና ጉልበት አልደረሰም። ወፍ የለም፤ የሚመጣም አይመስለኝም። አንዳንድ ዓመት እኛን አልፈው ወደ ዝዋይ ይሄዳሉ። ለጌታህ ሌላ ውሃ ፈልግለት።

ጨው አልቆብናል። ኪኒንም ብታገኝ ላክልኝ፤ ትንኙ በርትቷል። ገብረጊዮርጊስን በጸሎቴ አልረሳውም።

ወለተሰንበት


ልደታ፣ መስከረም 17 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለእታለም ወለተሰንበት። አዲሱ ዓመት ያለ ልቅሶ ይለፍልዎ።

አንድ ቁና ጨውና ሃያ ፍሬ ኪኒን ልኬያለሁ። ኪኒኑ ከካፒታኖው ሳጥን የወጣ ነው፤ አያባክኑት።

ስለ ሁሉም ጽፈውልኛል። ስለ ፉፋ፣ ስለ ላሚቱ፣ ስለ ቦጂያ። ስለ አንድ ልጅዎ ስለ ሙለታ ግን አንድ ቃል የለም። ከማይጨው ተመልሶ መሣሪያዬን አላስረክብም እንዳለና ጫካ እንደገባ ነበር የሰማሁት። አልጠይቅዎም።

በወፎቹ ግን አይዋሹኝ። ዘጠኝ ዓመት ሲሆነኝ ኩፍኝ አድክሞኝ፣ እናቴ አየር ይለውጥ ብላ እርስዎ ዘንድ ልካኝ ነበር። በእንቁጣጣሽ ማግስት ዳር ተቀምጬ ስቆጥር ውዬ ቁጥሩ ያለቀብኝን አልረሳሁም። በጋቢ አዝለውኝ ውሃው ውስጥ ሲገቡ ዳክዬዎቹ ገለል ይሉልን ነበር እንጂ አይነሱም። «ጋቢ የለበሰ ሰው ለእነርሱ ላም ነው» ይሉኝ ነበር።

አብዱልወሃብንም ጠየቅሁት። «ውሃው የት አለ ጌታዬ? ወፍ ብቻ ነው እኮ የሚታየው» አለኝ። ከብት ሲሸጥ ይዋሻል፤ በወፍ ግን የሚዋሽበት ምክንያት የለውም።

ካፒታኖው ስለ ገብረጊዮርጊስ እንደጠየቀ ነግሮኛል። «ደህና ነው፤ ትንሽ ከስቷል» አለኝ። ከስቷል ሲለኝ ደስ አለኝ። የሚከሳው በሕይወት ያለ ሰው ነው። እባክዎ እታለም።

ወልደአማኑኤል


ከሐሮ ዳር፣ ጥቅምት 6 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለወንድሜ ለወልደአማኑኤል። ስለ ጨውህ እግዜር ይስጥልኝ፤ ቤትህ አይጉደል።

ዋሽቻለሁ፤ እንደሚመጡ አውቅ ነበር። ወፎቹ ጳጉሜን ሳያልቅ ገብተዋል። ፉፋን ምን ብዬ ልጻፍለት አልኩት። «ንገሪውና ያምጣው። ፈረንጁ ዳክዬ ሲጠግብ ምናልባት እኛን መብላት ይተው ይሆናል» አለ። እርሱ ሳቀ።

ልጅ ሆነህ ያየኸውን አስታውሰሃል፤ ያላየኸውን ልንገርህ። ዳክዬና ዝይ ይቀድማሉ። ሽመላዎቹ በመስቀል ሰሞን ይደርሳሉ፤ ከየት እንደሚመጡ አናውቅም። አምና ፉፋ ያገኘው የሞተ ሽመላ እግሩ ላይ የብረት ቀለበት ነበረው፤ የፈረንጅ ጽሕፈት አለበት። ፉፋ «እነዚህ ሰዎች ወፉንም ሳይቀር አስረው ነው የሚለቁት» አለ። እነዚህ ወፎች ከዚህ እስከ ዝዋይ ሌላ ማረፊያ የላቸውም። ውሃው የሚኖረው አምስት ወር ነው፤ ጫጩት የሚያወጡት እዚሁ በረጅሙ የውሃ ሣር፣ በፊላው ውስጥ ነው፤ ክንፋቸውን ጥለው አዲስ የሚያበቅሉትም እዚሁ ነው። ውሃው ሲሸሽ እግር በእግር ሽምብራ እንዘራለን። ወፍ ያረፈበት መሬት ፍግ አይፈልግም። መንደሩ ከበጋ በጋ የሚሻገረው በዚያ ሽምብራ ነው። ስለዚህ እነርሱ እያሉ እዚህ ማንም ጥይት አይተኩስም፣ ልብስ በድንጋይ አይወቅጥም። የደነገጠ መንጋ አይመለስም ይሉናል አባቶቻችን።

ወንድምህን እወደዋለሁ። ግን ካፒታኖህን አታምጣብኝ።

አዮዲንና ንጹሕ ጨርቅ ላክልኝ። ቦጂያ እግሯን መጥረቢያ መቷታል።

ወለተሰንበት


ልደታ፣ ጥቅምት 24 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለእታለም ወለተሰንበት። ጤና ይስጥልኝ።

አዮዲኑንና ጨርቁን ልኬያለሁ። ቦጂያ ዘንድሮ ብዙ መከራ ደረሰባት፤ መጀመሪያ ትኩሳት፣ ቀጥሎ መጥረቢያ። የማን እግር እንደሆነ አይጻፉልኝ። ማወቅ አልፈልግም። ብቻ ከኅዳር 12 በፊት ከሐሮው ይራቅ።

ነገሩ ከእጄ ወጥቷል። ከትናንት ወዲያ ካፒታኖው ቁርስ ላይ ጠራኝ።

«ያ የወፍ ሐይቅህ ተገኘ።»

«እንዴት ተገኘ ጌታዬ?»

«አውሮፕላን ነጂ ጓደኛዬ ከላይ አየው። ጨው መስሎት ነበር። ዝቅ ሲል ጨዉ ተነሥቶ በረረ።» ሳቀ። «አንተ ወፎቹ ዘንድሮ አልመጡም ብለኸኝ ነበር።»

«እንደዚያ ተብሎ ተጽፎልኝ ነው።»

«ዘመዶችህ ይዋሹሃል ማለት ነው። ወንድምህም እንደዚህ ይዋሽ ነበር?»

 ቡናውን ጨርሶ «ኅዳር 12 እንሄዳለን፤ መንገዱን አንተ ትመራለህ» አለኝ።

ወልደአማኑኤል


ከሐሮ ዳር፣ ኅዳር 3 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለወንድሜ ለወልደአማኑኤል። እግዚአብሔር ልብህን ያቅናው።

ማወቅ አልፈልግም ብለሃል፤ ታውቃለህ። ሙለታ እዚህ ነው። በሰኔ ታፋውን ጥይት መቶት ፉፋ በበቅሎ አመጣው። አጥንቱ ተሰብሯል። ቤት እንዳላስተኛው ጭቃ ሹሙ በየሳምንቱ ይፈትሻል። ሐሮው መሐል ፊላ የበቀለበት ጉብታ አለ፤ እዚያ አድርገነዋል። ፉፋ ጠዋት ጠዋት ጋቢውን ለብሶ፣ ከብት የሚያጠጣ መስሎ ምግብ ያደርስለታል።

ማራቅ አልችልም። መራመድ አይችልም፤ በቃሬዛ ላውጣው ብል አገሩ ሁሉ ያየዋል።

ወፎቹን አታስነካ ያልኩህ ለሽምብራው ብቻ አልነበረም። ዘበኞቹ እነርሱ ናቸው። ባዕድ ሰው ወደ ውሃው ሲጠጋ ሁሉም ባንዴ ይነሳሉ። ያን ጊዜ ሙለታ ፉፋ የሠራለትን ታንኳ ይዞ ወደ ምዕራቡ ፊላ ይሳባል። ሁለት ጊዜ ጭቃ ሹሙን ያመለጠው እንደዚህ ነው።

መምጣታችሁ ካልቀረ አንድ ነገር እለምንሃለሁ። በምሥራቅ በኩል፣ በፈረስ፣ እየጮኻችሁ ኑ። ወፎቹ ከሩቅ ይነሱ። የፈለጉትን ያህል ይግደሉ። ልጄን ግን የሚያነቃልኝ ሌላ የለኝም።

ወለተሰንበት


ልደታ፣ ኅዳር 16 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለእታለም ወለተሰንበት።

እንዳሉኝ አደረግሁ። በምሥራቅ አመጣኋቸው። ፈረሶቹን ድንጋዩ ላይ አስኬድኩ፤ አስካሪዎቹን፣ ለጣልያን ያደሩትን ወታደሮች፣ አዘፈንኩ። ወፎቹ ገና ከሁለት ጥይት ርቀት በላይ ሳለን ተነሡ። ሰማዩ ጠቆረ። ቤትዎ በር ላይ ቆመው አየሁዎ። ሰላም ያላልኩዎ ዘመዴ መሆንዎን እነርሱ እንዳያውቁ ነው።

አሥራ አንድ ዳክዬ ተገደለ። ለአርባ መኮንን አሥራ አንድ ዳክዬ።  ግቢ ስንደርስ ካፒታኖው በሰው ፊት በጥፊ መታኝ። በማግስቱ አንድ ወረቀት አሳየኝ፤ የገብረጊዮርጊስ መፈቻ ነው አለ። አልተፈረመበትም። «ይህ የሚፈረመው ዳክዬዎቹ ገበታዬ ላይ ሲቆጠሩ ነው» አለኝ። ታኅሣሥ 11 ተመልሰው ይመጣሉ።

አሁን የምጠይቅዎ ትንሽ ነገር ነው። ስምንት ጋቢ በአብዱልወሃብ ይላኩልኝ። ውሃው ዳር ስለሚያድሩ ለብርድ ነው። ልደታ ውስጥ ጋቢ የተረፈው ቤት የለም፤ ሁሉም በየካቲት ተቃጥሏል። አጥቤ እመልሳለሁ።

ወልደአማኑኤል


ከሐሮ ዳር፣ ኅዳር 29 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለወንድሜ ለወልደአማኑኤል። የእናትህ ነፍስ በገነት ትረፍ፤ ጥሩ ልጅ ወልዳለች።

የአስካሪዎቹን ዘፈን ሰማሁ። ሙለታም ሰምቶ ሳቀ፤ ከሰኔ ወዲህ ሲስቅ ያየሁት የመጀመሪያ ጊዜ ነው። ዘፈኑ ሳይደርስ ምዕራቡ ፊላ ገብቶ ነበር። ወፎቹ በአምስተኛው ቀን ተመለሱ። አባቶቻችን ከሚሉት ይልቅ ወፎቹ ልበ ደንዳና ናቸው።

በጥፊ መመታትህ አሳዘነኝ። ፉፋ «የእኛን ጥፊ አንተ ተቀበልክ በለው» ብሏል። እርሱ እንዲህ ሲል ማመስገኑ ነው።

ስምንት ጋቢ ልኬያለሁ። አራቱ ከጎረቤት ነው። አንዱ የባሌ ነው፤ ጫፉ ላይ ትንሽ ተቃጥሏል። አንዱ አዲሱ ለሙለታ ሠርግ ያስሸመንኩት ነው፤ እስኪያገባ ፈረንጅ ቢለብሰው አይጎዳውም። እንግዳ ነውና ይሙቀው።

የሙለታ ቁስል እየደረቀ ነው። አንድ ወር ቢሰጠን በዱላ ይሄዳል።

ታኅሣሥ 11 በዚያው በምሥራቅ ኑ።

ወለተሰንበት


ልደታ፣ ታኅሣሥ 19 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለወይዘሮ ወለተሰንበት።

እርስዎ ከዳር ነው ያዩት። እኔ ውሃው ውስጥ ነበርኩና ከዳር የማይታየውን ልጻፍልዎ። ሌላ የምሰጥዎ ነገር የለኝም።

በኅዳሩ አደን፣ ወፎቹ ተነሥተው ካለቁ በኋላ፣ ፉፋ ከብቶቹን ይዞ በምዕራብ በኩል ሲገባ ካፒታኖው በመነጽር አይቶታል። ያልሸሹ ጥቂት ዳክዬዎች ፉፋ በመሐላቸው ሲያልፍ ገለል ብለው መልሰው ተቀመጡ። «ለምንድን ነው ለዚያ ሰው የማይበሩት?» አለኝ። ያን ቀን አላውቅም አልኩት። በጥፊ በመታኝ ማግስት፣ ወረቀቱን ባሳየኝ ሰዓት ነገርኩት። ስለ ጋቢ ነገርኩት። ስለዚህ ጋቢውን የጠየቅሁዎ ለብርድ አልነበረም።

ስለ ሙለታ አልነገርኩትም። በዚህ እንዲያምኑኝ እፈልጋለሁ። ፊላው ጋ ሳይደርሱ ዳክዬ ይጠግባሉ ብዬ ነበር።

ጎሕ ሲቀድ በምዕራብ፣ በከብቱ መግቢያ ገባን። ስምንት ሰው፣ ስምንት ጋቢ። ጠብመንጃው ከጋቢው ሥር ነው። እኔ መጨረሻ ነበርኩ። ውሃው እስከ ወገብ ነው። ወፎቹ አልተነሡም። እጄን ብዘረጋ እነካቸው ነበር። አንዷ ዝይ ጫጩቶቿን ይዛ በካፒታኖውና በእኔ መሐል አለፈች። እርሱ ዞር ብሎ እንደ ልጅ ሳቀልኝ፤ ጣቱን ከንፈሩ ላይ አድርጎ ዝም በል አለኝ።

ዳክዬው የበዛው ፊላው አጠገብ ነበር፤ ወደዚያ ሄዱ። ማሳል እችል ነበር። አንድ ሳል ይበቃ ነበር፤ ያ ሁሉ ወፍ ይነሳ ነበር።  ወረቀቱን አሰብኩ። አላሳልኩም።

ሙለታ ፊላው ዳር እግሩን ፀሐይ ለማስመታት ተቀምጦ ነበር። ካፒታኖውን አየው። ጋቢውን ነው ያየው። «ጋሼ ፉፋ፣ ዛሬ ማለዳ ተነሣህ» አለ። ድምፁ የእርስዎን ይመስላል።

ካፒታኖው ከአምስት ርምጃ ተኮሰ። ወፎቹ የተነሡት ያን ጊዜ ነው። የቀሩት ስድስቱ ወደ ላይ ተኮሱ። ካፒታኖው የለበሰው ያንን አዲሱን፣ የሠርጉን ጋቢ ነበር።

ሦስት መቶ አርባ ዳክዬና ዝይ ተሰበሰበ። ሙለታን ከእነርሱ ጋር በአንድ መኪና ጫኑት። ሬሳውን ሰንጋ ተራ ለሕዝብ እያሳዩ ሁለት ቀን አቆዩት። ለሕዝቡ የሚነበበውን ያነበብኩት እኔ ነኝ። «ይህ ሽፍታ ነው» የሚል ነበር። አብዱልወሃብ ከብቶቹን ይዞ ከፊት ቆሞ ነበር። ይህን ወረቀት አድርስልኝ ልለው ስሄድ ሰላም አላለኝም።

ገብረጊዮርጊስ ገና አልተፈታም። በዓሉ ይለፍ ብለውኛል።

ወልደአማኑኤል


ከሐሮ ዳር፣ ታኅሣሥ 28 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለአቶ ወልደአማኑኤል።

ወረቀትዎ ደረሰኝ። ለፉፋ አነበብኩለት። ፉፋ ብዙ የሚቀልድ ሰው መሆኑን ያውቃሉ። ይህን ሲሰማ ጋቢውን አውልቆ እሳት ውስጥ ከተተው፤ አሁን በበርኖስ ነው የሚወጣው።

ያልሞቱት ዳክዬዎች ክንፋቸው ተሰብሮ አንድ ሳምንት ውሃው ላይ ሲዞሩ ነበር። ጅብ ጨረሳቸው። ውሃው ሸተተ፤ ከብት እንቢ አለ። በአራተኛው ቀን የቀሩት ወፎች ተመልሰው ልጄ የተቀመጠበት ጉብታ ላይ አረፉ። ወፍ ምን ያውቃል።

ጭቃ ሹሙ ከካፒታኖዎ የመጣ ትእዛዝ አስነግሯል። ሐሮው የመኮንኖች ማደኛ ሆኗል። ወፎቹ እስኪሄዱ ከብት አይገባም፤ ውሃው የለቀቀው መሬትም አይታረስም፤ ወፍ ያስበረግጋል ተብሎ። ሽምብራው ዘንድሮ የለም። ዳሩን እንድጠብቅ የታዘዝኩት እኔ ነኝ። የሚጠጋ ሰው ካየሁ እንዳመለክት። ማንበብ የምችል ስለሆንኩ ነው።

ለገብረጊዮርጊስ መፈታት እንኳን ደስ አለዎ። ይህ ሲደርስዎ ቤቱ ገብቶ ይሆናል። በምን እንደተገዛ ይንገሩት። ስሙን ሙለታ ሚደቅሳ ብለው ይንገሩት፤ ሃያ ሁለት ዓመቱ ነበር። ጤና ሆኖ ይኑር፤ ብዙ የወጣበት ሰው ነው።

ጨው አልፈልግም። ኪኒን አልፈልግም። የት እንደቀበሩት ብቻ ይጻፉልኝ።

ወለተሰንበት


ልደታ፣ ጥር 9 ቀን 1930 ዓ.ም.

ለወይዘሮ ወለተሰንበት።

በቅድሚያ የጠየቁኝን። ከሰንጋ ተራ በታች፣ ከወንዙ ወዲህ፣ ሦስት ባሕር ዛፎች አሉ። ከመካከለኛው ሥር ነው። ከሌሎች አራት ሰዎች ጋር በአንድ ጉድጓድ ነው፤ እርሱ ከላይ ነው። የቆፈረውን ሰው አግኝቼ ነው ያረጋገጥኩት። ጌጃ ሰፈር ያለው ልብስ ሰፊው ነጋ ቦታውን ያውቀዋል፤ ሰው ቢልኩ እርሱ ያሳያል። ይህን የምጽፈውም ከነጋ ሱቅ ነው። ወደ ግቢው አልተመለስኩም።

ዛሬ ጠዋት ካፒታኖው ሳጥን አስያዘኝ። በስብ የተቀመጡ ስድስት ዳክዬዎችና ሁለት ጠርሙስ ወይን ነው። «ለእስር ቤቱ አለቃ ስጠው፤ ደረሰኝ አስፈርመህ ቶሎ ተመለስ» አለኝ። ሹመት አግኝቷል፤ ሽፍታ በገዛ እጁ ስለገደለ። ሳጥኑ ለወንድሜ መፈታት የሚሰጥ ጉቦ መሰለኝ። መንገዱን በሩጫ ነው የሄድኩት።

አለቃው አልነበረም። አንድ ያገራችን ሰው ጸሐፊ ሆኖ ተቀምጧል። ሳጥኑን ከፍቶ አሸተተ።

«ከማን ነው?»

ነገርኩት።

«ደግ ሰው ነው። ደረሰኙን አለቃው ሲመጣ ይፈርማል፤ ተቀመጥ።»

«አንድ እስረኛ አለኝ» አልኩት። «መፈቻው ሳይፈረም አይቀርም። ገብረጊዮርጊስ ተሰማ።»

«ምኑ ነህ?»

«ወንድሙ።»

መዝገቡን በጣቱ ወደ ታች ሄደበት። ቆመ። ቀና ብሎ አየኝ፤ ከዚያ ሳጥኑን አየ።

«ታዲያ የምታስፈታው ማንን ነው?» አለ።

«ገብረጊዮርጊስን አልኩህ እኮ።»

«አንብበው፤ ፈረንጅኛ ታውቅ የለም?»

መዝገቡን አዞረልኝ። በእኛ ሐምሌ 11 ቀን፣ በተስቦ ሞቷል ይላል። ከጎኑ ስለ እስረኛው የጠየቀ ሰው ካለ የሚጻፍበት ቦታ አለ። አንድ ስም ብቻ ነው ያለበት። የካፒታኖው ነው፤ መሞቱ ተነግሮት ፈርሟል። የፈረመበትንም ቀን ወደ እኛ አቆጣጠር መለስኩት። ነሐሴ 2 ነው። እኔ ለእርስዎ የመጀመሪያውን ወረቀት የጻፍኩት ነሐሴ 4 ነው።

«የት ተቀበረ?» አልኩት።

«እንጃ። ያን ሰሞን ብዙ ነበሩ።» መዝገቡን ዘጋው። «አይዞህ እንግዲህ። ዳክዬው ግን ይበላል እንዴ? እኔ ጾመኛ ነኝ ብዬ እተወዋለሁ እንጂ ሁሌ ይሰጡኛል።»

ተነሣሁ።

«አንተ ሰውዬ፣ ደረሰኙስ?» አለኝ።

ሳጥኑ ጠረጴዛው ላይ ነበር። ወጣሁ።